ማማ ወይስ ዲሽ? ለዓባይ በረሃ የሚሻለው

አሜሪካ፣ ሰሜን ዳኮታ ውስጥ በ1963 እ.ኤ.አ. የተተከለ የቴሌቪዥን ማማ አለ። ያኔ ቁመቱ 628 ሜትር ነበር። የቆመበት ሸለቆ ስሙ ነው እንጂ እንደ ምጣድ ለጥ ያለ ሜዳ ነው። አንድ ብረት ብቻውን የስንቱን ገበሬ ቤት ያዳርሳል።

እስቲ ያንኑ ማማ ደጀን አፋፍ ላይ እናቁመው። ደጋ ላይ ያለው ሰው ተራ አንቴና ሰቅሎ ጥርት አድርጎ ያያል። የቴሌቪዥን ሞገድ ግን እንደ ዓይን ነው፤ ተራራ ከጋረደው አለቀ። የዓባይ ሸለቆ ደግሞ ከአፋፉ ከ1,000 ሜትር በላይ ይወርዳል። ቆላ ያለው ሰው ጥላ ውስጥ ቀረ ማለት ነው። ለሱ ሌላ ትንሽ ማማ፣ ለማማው መብራት፣ ለመብራቱ ጄኔሬተር፣ ለጄኔሬተሩ ዘበኛ። ማን ይችለዋል?

ዲሹ ይሄ ሁሉ ጣጣ የለበትም። ሳተላይቱ 36,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ ነው ያለው፤ ሞገዱ ከላይ ይወርዳል። እዚህም ልዩነት አለ። ናይልሳት ከጎጃም ሲታይ ወደ ምዕራብ ዘቅዘቅ ይላል፤ ገደል ሊጋርደው ይችላል። ኢትዮሳት የሚጠቀምበት ሳተላይት ግን በምሥራቅ በኩል ከፍ ብሎ ስለሚገኝ ለቆላ ሰው ይመቻል።

እርግጥ ዲሽና ሪሲቨሩን የሚገዛው ባለቤቱ ነው። ክረምት ሲመጣም ዶፍ ዝናብ ሥዕሉን ይበጣጥሰዋል። አጎቴ ቤትማ ዶሮዋ ዲሹ ላይ ትወጣለች። ዜናው መሀል ላይ ሲቋረጥ አጎቴ ዱላውን ይዞ፣ «እሽ! ውረጅ!» እያለ ይወጣል።

እኔ ለበረሃው ዲሹን እመርጣለሁ። ማማው ለደጋውና ለኤፍኤም ሬዲዮ ይሁን።