የስምሪት ሲስተማችን ዓመት ሊሞላው ነው፤ «የነዳጅ ዓይነት» የሚለውን ግን ፈትሹ

ለመሥሪያ ቤታችን መኪኖች የጂፒኤስ መከታተያና የስምሪት ሶፍትዌር ካስገባን ዓመት ሊሞላው ነው። መኪና ያለበትን ቦታ ያሳያል፣ ሠርቪስ ሲደርስ ያስታውሳል፣ ሞተር ሳይጠፋ የቆመበትን ሰዓት ይመዘግባል። በዚህ በኩል ቅሬታ የለኝም።

ያስቸገረኝ የነዳጅ ዓይነቱ ነው። «ዲ»፣ «ጂ»፣ «ኢ»፣ «ጋዝ» ብሎ ይሞላዋል፤ ማብራሪያ የለውም። ሶፍትዌሩን የሠራው አሜሪካዊ ከሆነ «ጋዝ» ቤንዚን ነው፤ ሌላ አገር በሲሊንደር የሚሞላው ነው። «ኢ» ደግሞ ኤሌክትሪክም ኢታኖልም ሊሆን ይችላል። የፍጆታ ሪፖርቱ በሙሉ የሚሰላው ግን በዚህች ፊደል ነው።

ሁለት ሃይሉክስ ፒካፖች አሉን፤ ከውጭ ስታዩዋቸው መንትያ ናቸው። የአንዱ ሞተር 2ቲአር፣ 2.7 ሊትር ቤንዚን ነው፤ የሌላው 1ጂዲ፣ 2.8 ሊትር ናፍጣ። ሲስተሙ ሁለቱንም «ዲ» ብሎ ስለያዛቸው የቤንዚኑን በናፍጣ ልክ ይመዝነው ነበር። ቤንዚን ሞተር ከናፍጣው የበለጠ ስለሚጠጣ የቤንዚኑ ሾፌር በየወሩ ነዳጅ አባካኝ ተብሎ ይወጣል። ምንም ያላጠፋ ሰው በአንዲት ፊደል ሲጠረጠር ማየት ያበሳጫል።

የጂፒኤስ መሣሪያው በኦቢዲ ሶኬት (መካኒኮች የመመርመሪያ ማሽን በሚሰኩበት) የመኪናውን ኮምፒውተር የነዳጁን ዓይነት መጠየቅ ይችላል፤ መልሱ 1 ካለ ቤንዚን፣ 4 ካለ ናፍጣ፣ 8 ካለ ኤሌክትሪክ ነው። ሁሉም መኪና ግን አይመልስም። 1ኤችዜድ ሞተር ያለው ላንድክሩዘራችን የነዳጅ ፓምፑ ያለ ኮምፒውተር የሚሠራ ሜካኒካል ስለሆነ የሚጠየቅ ነገር የለውም። ስለዚህ ሊብሬውን ይዘን፣ ኮፈኑን ከፍተን፣ የሞተሩን ኮድ ከእያንዳንዱ መኪና ላይ አንብበን መዝገቡን አስተካከልን። የሾፌሩም ስም ከሪፖርቱ ወጣ።

በኤሌክትሪክ መኪናው ላይ ደግሞ ሲስተሙ «የነዳጅ ጌጅ አይሠራም» እያለ ማስጠንቀቂያ ይልክ ነበር። መንግሥት በ2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ አውቶሞቢሎች እንዳይገቡ ከከለከለ ወዲህ እዚህ አገር የሚሸጥ ሲስተም የኤሌክትሪክ መኪናን አለማወቅ የለበትም። ሻጮቹ ስንነግራቸው ለብቻው ምድብ ከፈቱለት። ሃይብሪዱ (በነዳጅም በባትሪም የሚሄደው) እና በቻርጅ የሚሞላው ሃይብሪድ ግን እስከ አሁን አንድ ላይ ናቸው፤ የሁለቱን ፍጆታ ማወዳደር አልቻልንም።

ውሉን እናድሳለን። አዲስ የምትገዙ ግን የኮዶቹን ትርጉም በጽሑፍ ተቀበሉ፤ ለኤሌክትሪክ መኪና ፍጆታን በኪሎዋት ሰዓት እንደሚያሳይም ሳትፈርሙ በፊት ስክሪኑ ላይ እንዲያሳዩዋችሁ ጠይቁ።