ጄኔራሉና መንገድ ጠጋኙ

እናቴ እንግሊዝኛ አትሰማም። ለዚህ ነው አሮጌ ኮሜዲ ሳገኝ መጀመሪያ ከእሷ ጋር የማየው። ወሬ ብቻ ከሆነ ሩብ ሰዓት ሳይሞላ እንቅልፍ ይወስዳታል። ባለፈው እሁድ «ዘ ስኩዌር ፔግ»ን አየን። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1958 የወጣ፣ ጥቁርና ነጭ የእንግሊዝ ፊልም ነው። አንዴም አላንቀላፋችም።

ርዕሱ የእንግሊዞች አባባል ነው። ክብ ቀዳዳ ውስጥ አልገባ ያለ አራት ማዕዘን እንጨት፤ የትም ቢያስቀምጡት የማይሆን ሰው ማለታቸው ነው። ያ ሰው ኖርማን ፒትኪን ነው። ማዘጋጃ ቤት ተቀጥሮ መንገድ ይጠግናል። ዓለም በጦርነት ትታመሳለች፣ እሱ ከቆፈረው ጉድጓድ ሌላ ነገር አይታየውም። ወታደራዊ ካምፕ ደጃፍ ላይ ቆፍሮ ከወታደሮቹ ጋር ይነታረካል። ብዙም ሳይቆይ እሱም አለቃው ሚስተር ግሪምስዴልም ለውትድርና ይጠራሉ። ከዚያ በስህተት ከፓራሹት ዘላዮች ጋር ተቀላቅለው ጀርመኖች የያዟት ፈረንሳይ ውስጥ ዱብ!

የመጀመሪያው ክፍል ይንዛዛል። መውደቅ፣ መደናበር፣ መጮህ ነው። ፒትኪንን የሚጫወተው ኖርማን ዊዝደም «ሚስተር ግሪምስዴል!» እያለ ሲጣራ አንድ ሁለቴ ያስቃል። በአምስተኛው ድምፁን ቀነስኩት። አለቃውን የሚጫወተው ኤድዋርድ ቻፕማን ግን ኮስተር ብሎ ሲያየው ብቻ ይበቃኛል።

ፊልሙ ነፍስ የሚዘራው ጄኔራል ሽራይበር ብቅ ሲል ነው። የጀርመኖቹ አዛዥ ነው፤ መልኩ ቁርጥ ፒትኪን። ሁለቱንም የሚጫወተው ዊዝደም ነው። ሰው ከሰው የሚምታታበት ኮሜዲ ላይ ሁሌ የሚያናድደኝ፣ ሁለቱም ሰዎች ያው አንድ ቀልደኛ መሆናቸው ነው። ኮፍያ ብቻ ይቀያይራሉ። እዚህ ግን ጄኔራሉ አይደናቀፍም፣ አይቅለሰለስም። አንገቱ ቀጥ ያለ ነው፣ ዓይኑ ያስፈራል። ስለዚህ ፒትኪን ጄኔራሉን መስሎ የተያዙትን ሊያስመልጥ ሲገባ፣ ቢነቃበት ምን እንደሚጠብቀው እናውቃለን። እኔ እየሳቅኩ ጣቴን ነክሼ ነበር።

ጄኔራሉ ግሬትሸን የምትባል ግርማ ሞገሷ የሚያስደነግጥ ዘፋኝ ወዳጅ አለችው። ሃቲ ጄክስ ናት። ፒትኪን በእሱ ቦታ ሆኖ ከእሷ ጋር መዝፈን ግድ ይሆንበታል። እሷ በሙሉ ድምፅ ትዘፍናለች፣ እሱ ዓይኑን እያቁለጨለጨ ይከተላታል። እናቴ ትን እስኪላት ሳቀች። አንድም ቃል መረዳት አላስፈለጋትም። ዊዝደም በልጅነቱ የእንግሊዝ ጦር ውስጥ ገብቶ ሕንድ ሳለ ሙዚቃ የተማረ ሰው ነው። ዘፈኑን የት ጋ እንደሚያበላሽ በደንብ ያውቃል።

ኦነር ብላክማን የስለላ ሠራተኛ ሆና አለች። በ1964 በጄምስ ቦንድ ፊልም ዓለም ሁሉ ያወቃት ናት። እዚህ ቆንጆ ሆና ከመቆምና ከመያዝ ሌላ ብዙ ሥራ አልሰጧትም። ያሳዝናል።

በነገራችን ላይ፣ የኮሚኒስቱ መሪ የኤንቨር ሆጃ አልባኒያ ከምዕራቡ ዓለም ከፈቀደቻቸው ጥቂት ፊልሞች መካከል የዊዝደም ኮሜዲዎች ነበሩ። እዚያ ዛሬም «ሚስተር ፒትኪን» ቢሉ የማያውቀው ትልቅ ሰው አይገኝም ይባላል። አለቆችን ግራ የሚያጋባ ተራ ሠራተኛ ለእነሱ የተመቸ ይመስለኛል።

ፊልሙ ሲያልቅ እናቴ «ያ ክፉው ጄኔራል ግን ማነው? ጥሩ ነው የሠራው» አለችኝ።

«እማዬ፣ ያው መንገድ ጠጋኙ እኮ ነው።»

«አትቀልድ።»

ወደ ኋላ መልሼ አሳየኋት። ሁለቴ። አሁንም ወንድማማቾች ናቸው ትላለች።