ተንሳፋፊ ደሴቶች፦ ውሃ ላይ ወይስ ሰማይ ላይ?

በተንሳፋፊ ደሴቶች ስለሚኖር ሕዝብ ልብ ወለድ ልትጽፉ ነው እንበል። ደሴቶቹ የት ይንሳፈፉ?

ልፋት
ውሃ ላይ፦ ይቀላል፤ በእውን አለና። ፔሩ ውስጥ በቲቲካካ ሐይቅ ላይ፣ ከባሕር ወለል በላይ 3,800 ሜትር ገደማ፣ ኡሮስ የሚባሉ ሰዎች ቶቶራ ከተባለ ሸምበቆ መሰል ተክል ደሴት ይሠራሉ። ሥሩን በትልልቁ ቆርጠው እርስ በርስ ያስሩታል። ላዩ ላይ ቶቶራ ይጎዘጉዛሉ። ከታች ይበሰብሳል፣ ከላይ ይጨመራል። ሲረግጡት እንደ ፍራሽ ስርጉድ ይላል። ጀልባቸውም ከዚሁ ተክል ነው፤ የጣናን የደንገል ታንኳ ያየ ሰው ወዲያው ይገባዋል።
ሰማይ ላይ፦ ሁሉም ከዜሮ ነው። ምን አንሳፈፈው? የሚጠጣው ውሃስ ከየት ይመጣል?

አደጋ
ውሃ ላይ፦ እሳት። ኡሮሶች ምድጃቸውን ድንጋይ ላይ የሚያደርጉት ለዚህ ነው።
ሰማይ ላይ፦ ጠርዙ። እናት ዳዴ የሚል ልጇን ከበሩ መቃን ጋር በገመድ አስራ ቡና ስትቆላ ይታየኛል። ይህቺ አንዲት ገመድ ብቻ ስንት ገጽ ታስጽፋለች!

ጠብ
ውሃ ላይ፦ ያልተስማሙ ኡሮሶች ደሴቷን በመጋዝ ቆርጠው ይለያያሉ። በጣም የምወደው ይሄንን ነው።
ሰማይ ላይ፦ መሄጃ የለም፤ የግድ ይታረቃሉ።

ታሪካችሁ ስለ ጉርብትናና ስለ ዕለት ኑሮ ከሆነ ውሃውን ምረጡ። ስለ ናፍቆትና ከምድር ስለ መለየት ከሆነ ደግሞ ሰማዩ ይሻላል።