የቦርኖው «ዛና» ቆብ፦ ጥልፉ የሚደነቅ፣ መለያው የተሳሳተ

ለሥራ ናይጄሪያ በቆየሁበት ጊዜ አቡጃ ውስጥ የባህል አልባሳት ከሚሸጥ አንድ መደብር «ዛና ቡካር»፣ በአጭሩ «ዛና» የሚባለውን በእጅ የተጠለፈ ቆብ ገዛሁ። ስምንት ወር ያህል አድርጌው ሦስት ጊዜም ስላሳጠብሁት፣ ስለ ጥራቱ ለመናገር በቂ ጊዜ አብሮኝ ቆይቷል። ቆቡ ለከፈልሁበት ገንዘብ ከሚገባው በላይ ሥራ ያለበት ነው፤ መደብሩ ግን የሚሸጠውን ዕቃ በቅጡ አያውቀውም።

ቅርጹ ክብ ነው፤ ጎኑ ቀጥ ብሎ ይቆማል፣ አናቱ ጠፍጣፋ ነው። ነጩ ጨርቅ ከዳር እስከ ዳር በቡናማና በወርቃማ ክር ከመሸፈኑ የተነሣ፣ ጨርቁ የሚታየው በሐረጎቹ መካከል በቀሩት ቀጫጭን መስመሮች ብቻ ነው። በየሐረጉ መሐል ከምስር ፍሬ የማይበልጡ ቀዳዳዎች አሉ፤ የእያንዳንዱ ቀዳዳ ጠርዝ በክር ተከብቧል፤ ነፋስ የሚገባውም በእነርሱ በኩል ነው። የእጅ ሥራ መሆኑን ለማረጋገጥ ቆቡን ገልብጦ ውስጡን ማየት ይበጃል፤ እኔ ያየኋቸው የማሽን ቆቦች በውስጥ በኩል ረዣዥም የተንዘላዘሉ ክሮች ሲኖሯቸው፣ የዚህ ግን ውስጡም እንደ ውጪው የተስተካከለ ነው። ከግንባሩ በስተግራ የወርቃማው ክር ቀለም በጥቂቱ ደመቅ ይላል፤ ጠላፊው አንዱን ጥቅል ጨርሶ ሌላ የጀመረበት ቦታ መሆን አለበት። ይህን እንደ ጉድለት አልቆጥረውም፤ እንዲያውም ከሁሉ ይልቅ የምወደው እርሱን ነው።

ቅሬታዬ መለያው ላይ ነው። ወረቀቱ «የሃውሳ ባህላዊ ቆብ» ይላል። የሰሜን ናይጄሪያ ሕዝብ የሆኑት ሃውሳዎች ቆቡን በብዛት እንደሚያደርጉት እውነት ቢሆንም፣ ዛና የቦርኖ ሥራ ነው፤ በሰሜን ምሥራቅ ናይጄሪያ የሚገኘው ቦርኖ ደግሞ የካኑሪ ሕዝብ አገር ነው። ሁለቱ ሕዝቦች በቋንቋ እንኳ አይዛመዱም፤ ሃውሳ እንደ አማርኛ ከአፍሮ-እስያ ቤተሰብ ሲሆን፣ ካኑሪ ግን በናይሎ-ሰሃራ ውስጥ ይመደባል። «ዛና» ራሱ በቦርኖ ቤተ መንግሥት የሚሰጥ የማዕረግ ስም ነው፤ ቆቡም ስያሜውን ያገኘው ይህን ማዕረግ ከያዙትና ቆቡን ካስተዋወቁት ፖለቲከኛ ከዛና ቡካር ዲፕቻሪማ ነው፤ እኚህ ሰው እ.ኤ.አ. በጥር 1966 መፈንቅለ መንግሥት ማግስት ሥልጣኑ ለጦር ኃይሉ ሲተላለፍ የሚኒስትሮች ምክር ቤቱን የመሩ ናቸው።

ማዕረጉን የሚሰጠው ቤተ መንግሥት ሥሩ ሩቅ ነው። ከቻድ ሐይቅ በስተምሥራቅ በካነም የነገሡት ሳይፋዋዎች የዘር ሐረጋቸውን እስከ የመኑ ሰይፍ ኢብን ዚ ያዘን ያደርሱታል። ይህ ሰው በ6ኛው መቶ ዘመን በፋርሶች ርዳታ የመንን ይገዛ የነበረውን የአክሱም ጦር አዛዥ የአብርሃን ልጆች አገዛዝ ከየመን ያስወገደው ነውና፣ የአክሱምን ታሪክ ለሚያውቅ አንባቢ ስሙ እንግዳ አይሆንም። ሳይፋዋዎች በ14ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ ተቀናቃኞቻቸው በነበሩት በቡላላዎች ተገፍተው ከሐይቁ በስተምዕራብ ወዳለው ቦርኖ ተሻገሩ፤ ከመቶ ዓመት ገደማ በኋላም ዋና ከተማቸውን ንጋዛርጋሙን ቆረቆሩ። ከተማዋ እ.ኤ.አ. በ1808 በፉላኒዎች ጂሃድ ስትወድቅ አገሩን ከመጥፋት ያዳነው የሃይማኖት ሊቅና የጦር መሪ የነበረው ሙሐመድ አል-አሚን አል-ካነሚ ነው፤ የሳይፋዋ ሥርወ መንግሥት በ1846 ሲያከትም መንበሩ ለእርሱ ዘር ተላለፈ፤ ዛሬም በቦርኖ ዋና ከተማ በማይዱጉሪ የሚቀመጡት ባህላዊ ገዢ፣ የቦርኖ ሼሁ፣ ከዚያው ዘር ናቸው። ይህን ያህል ታሪክ ያለውን ሥራ በሌላ ሕዝብ ስም መሸጥ ጠላፊውን መበደል ነው። ለሻጩ ይህንኑ በትሕትና ብነግረው፣ ገዢ የሚያውቀው ሃውሳን ነው ብሎ መለሰልኝ፤ መልሱ አላረካኝም።

ስለ ልኩም መጠንቀቅ ያስፈልጋል። ቆቡ አይለጠጥም፤ መደብሩም ቁጥር አይጽፍበትም፤ ስለዚህ ሳይለኩ መግዛት አይገባም። የእኔ በመጀመሪያው ሳምንት ግንባሬ ላይ ምልክት ይተው ነበር፤ በኋላ ግን ላላልኝ። በቤት ማጠብን አልመክርም፤ ቆብ በማጠብ የሚተዳደሩ ባለሙያዎች አጥበው፣ ስታርች አድርገውና ከቅርጽ ማውጫው ላይ ወጥረው ሲያደርቁት እንደ አዲስ ቀጥ ብሎ ይቆማል። ከሦስት እጥበት በኋላም አንድ ክር አልተመዘዘም።

ዋጋው ከማሽኑ ቆብ በብዙ እጥፍ ይበልጣል፤ ነገር ግን አንዱን ጠልፎ ለመጨረስ ሳምንታት፣ አንዳንዴም ወራት እንደሚፈጅ ለሚያውቅ ሰው ብዙ አይደለም። እ.ኤ.አ. ከ2009 ጀምሮ ቦርኖን ባመሰው ጦርነት ተፈናቅለው ማይዱጉሪ ለተጠለሉ ቤተሰቦች ይህ ጥልፍ መተዳደሪያ ሆኗልና፣ የሚችል ሰው ከጠላፊዎቹ በቀጥታ ቢገዛ ይሻላል። እኔም የአባቴን ራስ በክር አስለክቼ፣ ሁለተኛውን ቆብ ወደ ማይዱጉሪ በሚመላለስ የሥራ ባልደረባዬ በኩል አዝዣለሁ፤ ክሩ ነጭ በነጭ እንዲሆን ጠይቄያለሁ።