ሰብኖቲካ ከወራት በኋላ፦ ባሕር ውስጥ ሆኖ ውሃ መጠማት

ሰብኖቲካ የተባለውን የኮምፒውተር ጨዋታ መጫወት ከጀመርኩ ወራት አልፈዋል። ታሪኩን ጨርሼ እንደ አዲስ ጀምሬዋለሁ። ስለ ግራፊክሱ፣ ስለ ድምፁና ስለ ግዙፎቹ የባሕር አውሬዎች የተባለው ተብሏል፤ አብዛኛው ሙገሳም ይገባዋል። የኔ ጉዳይ የሚጠጣ ውሃ ነው። ጨዋታውን የወደድኩትም፣ መጨረሻ ላይ የተቀየምኩትም በውሃ ምክንያት ነው።

ላልተጫወታችሁ ባጭሩ ልንገራችሁ። ጨዋታው ሙሉ ሆኖ በኮምፒውተር የወጣው እ.ኤ.አ. በ2018 ነው። አውሮራ የምትባል የጠፈር መርከብ 4546ቢ የተባለ ፕላኔት ላይ ትከሰከሳለች። ፕላኔቱ ከጥቂት ደሴቶች በቀር ባሕር ብቻ ነው። እናንተ በነፍስ አድን ካፕሱል ታመልጣላችሁ። ካፕሱሉ ውስጥ ትንሽ ደረቅ ምግብና ሁለት ጠርሙስ ውሃ ይጠብቃችኋል። ከዚያ በኋላ ራሳችሁን ቻሉ ነው።

የውሃ መለኪያው ከፍተኛው 100 ነው። ምንም ሳትጠጡ ብትቆዩ በ30 ደቂቃ ገደማ ባዶ ይሆናል። የምግቡ መለኪያ ግን ወደ 42 ደቂቃ ይቆያል። ስለዚህ ሁሌም ቀድሞ የሚመጣው ጥም ነው። ዜሮ ከገባ ጤናችሁ መውረድ ይጀምራል።

መጀመሪያ ላይ ያለው ምንጭ ብላደርፊሽ የሚባል ዓሣ ነው። ሆዱ የተነፋ፣ ሰውነቱ ብርሃን የሚያሳልፍ ትንሽ ፍጥረት ነው። በእጅ ይያዛል። ካፕሱሉ ውስጥ ያለው ፋብሪኬተር (ዕቃና ምግብ የሚሠራ ማሽን) ውስጥ ስታስገቡት አንድ ጠርሙስ ንጹሕ ውሃ ይሆናል፤ 20 ነጥብ። ስሌቱን ልብ በሉት፤ 20 ነጥብ ማለት የስድስት ደቂቃ ውሃ ነው። ያለ ኦክስጅን ታንክ ደግሞ የምትይዙት አየር የ45 ሰከንድ ብቻ ነው። ዓሣውን ልትይዙት እጃችሁን ስትዘረጉ ሽው ብሎ ኮራል ሥር ይገባል። ዞራችሁ ስትጠብቁት በሌላ በኩል ይወጣል። ልትደርሱበት ስትሉ አየር እያለቀ መሆኑ ይነገራችኋል። ትታችሁት ወደ ላይ። ትንፋሽ፤ እንደገና ወደ ታች። ይሄ ሁሉ ለስድስት ደቂቃ ውሃ ነው። ለኔ የጨዋታው ምርጥ ሰዓት ይሄ ነበር ብል ማጋነን አይሆንብኝም። የት ድረስ እንደምትሄዱና መቼ እንደምትመለሱ የሚወስነው ውሃ ነውና። ጥልቁ ውስጥ ያለው አውሬ ገና አልደረሰባችሁም፤ ግን አንድ ጠርሙስ ብቻ ይዛችሁ ርቃችሁ ለመሄድ ድፍረቱ የላችሁም።

ብዙ ሰው እዚህ ደረጃ ላይ ሳያስፈልገው ይቆያል። መውጫው በረኪና ነው። ቢላ ከሠራችሁ በኋላ ጥልቀት በሌለው ባሕር ያሉትን ትልልቅ የኮራል ቱቦዎች ቆርጣችሁ ናሙና ውሰዱ። ከባሕሩ ወለል ጨው ልቀሙ። አንድ ናሙናና አንድ ጨው አንድ በረኪና ይሆናሉ። አንዱ በረኪና ሁለት ጠርሙስ የታከመ ውሃ ይሰጣል፤ እያንዳንዱ 30 ነጥብ። በአንድ ጉዞ 60 ነጥብ አገኛችሁ ማለት ነው። ለዚያውም ኮራልና ጨው አይሮጡም።

እዚህ ላይ ሳይንሱ ፈገግ ያሰኛል። በረኪና ውሃ ውስጥ ያለ ጀርም ይገድላል፤ ውሃ አጋር ተጠቅሞ የሚያውቅ ሰው ያውቀዋል። ጨው ግን አያወጣም። የእውነተኛው ባሕር ውሃ በአንድ ሊትር ወደ 35 ግራም ጨው አለው። የፈለጋችሁትን ያህል በረኪና ብታንጠባጥቡበት ጨው ጨውነቱን አይለቅም፤ ከጠጣችሁትም ጥሙ ይብስባችኋል። ጨዋታ ስለሆነ አልፌዋለሁ።

ጨው ሌላም ሥራ አለው። የያዛችሁትን ዓሣ በጨው ካደረቃችሁት ቋንጣ ይሆናል፤ አይበላሽም። የተጠበሰው ግን ውሎ ሲያድር ይበላሻል። ጀማሪ ሲጫወት ቦርሳው በቋንጣ ይሞላል፤ ጥሩ ስንቅ ይመስላላ። ነገር ግን ቋንጣው በበላችሁት ቁጥር ከውሃችሁ ትንሽ ይቀንሳል፤ ጨው በልቶ የማይጠማ የለም። እኔ ጨዉን ለበረኪና እንጂ ለዓሣ አላወጣም። ዓሣውን ጠብሼ ወዲያው እበላለሁ። ሌላም ነገር ላንሣ። የውሃ መለኪያው ከ100 አያልፍም። 90 ላይ ሆናችሁ ባለ 30ውን ጠርሙስ ከጠጣችሁ 20ው ነጥብ ባክኖ ቀረ። ጥም ሳይጠማችሁ አትጠጡ።

ቤት መሥራት ስትጀምሩ የውሃ ማጣሪያ ማሽን ይመጣል። ትልቁ ክፍል ግድግዳ ላይ ይገጠማል። በ14 ደቂቃ ገደማ 50 ነጥብ ያለው አንድ ትልቅ ጠርሙስ ያወጣል፤ ጨውም ጎን ለጎን ይሰጣል። ሒሳቡ ደስ ይላል፤ አንድ ማሽን የአንድን ሰው ጥም በልኩ ይሸፍናል። ግን ሁለት ጠርሙስ ከሞላ በኋላ ይቆማል። እናንተ ጥልቁ ውስጥ አንድ ሰዓት ስትዞሩ እሱ ሁለቷን ይዞ ቆሞ ይጠብቃችኋል። እንደ ፈረቃ ውሃ ነው፤ ሲመጣ ቤት ካልተገኛችሁ አለፋችሁ። መብራትም ይበላል። በሶላር ብቻ የምትኖሩ ከሆነ ሌሊት ሌሊት ቤቱ ኃይል አጥቶ ይጨልማል። ይሄኛውን ግን አልቃወምም። በባሕረ ሰላጤው አገሮች ያላችሁ ታውቁታላችሁ፤ ከባሕር የተጣራ ውሃ የምትጠጡት ብዙ ኃይል ወጥቶበት ነው። ጨዋታው እዚህ ጋ እውነቱን ነው የተናገረው።

ስቲልሱት የሚባለውን የመዋኛ ልብስ ሞክሬ ትቼዋለሁ። የሰውነታችሁን ላብና ፈሳሽ አጣርቶ በየጊዜው ባለ 20 ነጥብ ጠርሙስ ይሰጣል። ሐሳቡ ግሩም ነው። ግን ሌላውን ጠንካራ ልብስ ማውለቅ ግድ ይላል፤ እኔ ደግሞ ከውሃው ይልቅ ከንክሻ መከላከሉን እመርጣለሁ። የቡና ማሽንም አለ፤ ለጥም ብዙም አይረባም። ከግድግዳ የሚቀዳ ቡና ነው፤ ሌላውን አልጨምርም።

አሁን ወደ ቅሬታዬ ልምጣ። ተንሳፋፊው ደሴት ላይ ማርብልሜሎን የሚባል ሐብሐብ መሰል ተክል አለ። በቢላ ስትመቱት ዘር ይሰጣል። ቤታችሁ ውስጥ መደብ ሠርታችሁ ትዘሩታላችሁ። ውሃ ማጠጣት የለ፣ ማዳበሪያ የለ፣ መብራት የለ። አንዱ ፍሬ 12 የምግብና 14 የውሃ ነጥብ አለው። ሁለቱ መለኪያዎች በአንድ ጉርሻ ከፍ ይላሉ። ያንኑ መደብ ሳይክሎፕስ በሚባለው ትልቁ ሰርጓጅ መርከብ ውስጥም መሥራት ይቻላል። ከዚያ በኋላ ጥም የሚባል ነገር አለቀ። ማሽኑም፣ በረኪናውም፣ ዓሣውም ጡረታ ወጡ። የታሪኩ ከባድ ክፍል ገና መጀመሩ ነው፤ ውሃ ግን ከሐሳባችሁ ወጥቷል። ውኃ የማይጠጣ ተክል ውኃ ሰጭ መሆኑ አይገባኝም። ቢያንስ ከማሽኑ ውሃ እንዲቀዳለት ቢያደርጉ ኖሮ ማሽኑም ሥራ አይፈታም ነበር፤ ኃይል መቆጠቡም ትርጉም ይኖረው ነበር። በሁለተኛው ዙር ሐብሐቡን ላለመዝራት ወስኜ ነው የጀመርኩት። ብላደርፊሾቹን ቤት ውስጥ ባለው ትልቅ የዓሣ ገንዳ እያራባሁ ነው። ሁለት ከገቡ ይራባሉ። ሥራ አለው፤ ግን ደስ ይላል።

ከውሃ ውጭ አንድ ነገር ሳልነግራችሁ አላልፍም። ጨዋታው በራሱ ሴቭ አያደርግም። የኔ ላፕቶፕ ባትሪው የደከመ ነው፤ መብራት ጠፋ ማለት ካለፈው ሴቭ ወዲህ የለፋሁበት ሁሉ ሄደ ማለት ነው። እኛ አገር ለምትጫወቱ፣ ካፕሱል ወይም ቤት በገባችሁ ቁጥር ሴቭ አድርጉ። ሌላው፣ በፍጥነት ስትጓዙ የባሕሩ ወለል ከፊታችሁ ዘግይቶ ብቅ ሲል ታዩታላችሁ። ደካማ ኮምፒውተር ላይ ይብሳል። ተለምዶ የሚኖር ነገር ነው።

ሲጀምር የአጨዋወት ዓይነት ያስመርጣችኋል። ፍሪደም የሚባለው ረሃብና ጥም የለውም። ረሃቡና ጥሙ እንዳያደክመን ብላችሁ እሱን እንዳትመርጡ። ሰርቫይቫል የሚለውን ያዙ። ጨዋታው አንዴ ከተገዛ የኢንተርኔት ግንኙነት ሳይኖርም ይሠራል። ስቲም በሚባለው የጨዋታ መሸጫ ድረ ገጽ ላይ ቅናሽ ደጋግሞ ስለሚደረግለት በሙሉ ዋጋው አትቸኩሉ፤ ውጭ ዘመድ ካላችሁ ደግሞ በቅናሹ ሰሞን በስጦታ መላክ እንደሚቻል ንገሩት።