ከመድረክ ወደ ዘጋቢ ፊልም፦ የሁለት ሙያዎች ንጽጽር

ከመድረክ ተነሥቶ ማኅበራዊ ጉዳዮችን ወደሚያነሣ ዘጋቢ ፊልም የሚሻገር ባለሙያ በመጀመሪያ የሚያጣው የተመልካቹን ምላሽ ነው። በቴአትር ሳቁም መሰልቸቱም በዚያው ቅጽበት ስለሚታወቅ ተዋናዩ አጨዋወቱን እያስተካከለ ይቀጥላል፤ በፊልም ግን ምላሹ የሚመጣው አርትዖቱ ካለቀ በኋላ ነው። ብራዚላዊው አውጉስቶ ቦአል እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ ባዳበረው የፎረም ቴአትር ተመልካቹ ራሱ መድረክ ላይ ወጥቶ የታሪኩን አቅጣጫ ሊለውጥ ይችላል። ይህን ዘጋቢ ፊልም ሊተካው አይችልም።

ከዚህ ሁሉ የሚከብደው ግን የኃላፊነት ልዩነት ይመስለኛል። ተዋናዩ የተበዳይን ሚና ተጫውቶ ልብሱን ሲቀይር ገጸ ባሕርዩም አብሮ ያበቃል፤ በካሜራ ፊት ስለ መፈናቀሉ ወይም ስለ ሕመሙ የተናገረ ሰው ግን ፊልሙ ከታየ በኋላም ከጎረቤቶቹና ከአሠሪው ጋር መኖሩን ይቀጥላል። ስለዚህ ፈቃዱ አንድ ጊዜ በፊርማ የሚዘጋ ጉዳይ ሳይሆን፣ ከቀረጻ በፊትም ሆነ የመጨረሻው ቅጂ ከመውጣቱ በፊት እንደገና ሊጠየቅ የሚገባው ነው።

በቴክኒክ ረገድ ሽግግሩ ያን ያህል አያስፈራም፤ እ.ኤ.አ. በ1960 አካባቢ በትከሻ የሚያዙ ባለ 16 ሚሊ ሜትር ካሜራዎች ከምስሉ ጋር እኩል ከሚቀዳ ድምፅ ጋር ሥራ ላይ ከዋሉ ወዲህ ጥቂት ሰዎች ያሉት ቡድን ለቀረጻ በቂ ሆኗል። አስቸጋሪው የቆየው ልማድ ነው፦ በመድረክ ዝምታን በንግግር ወይም በእንቅስቃሴ መሙላት የለመደ ሰው፣ በቃለ መጠይቅ ጊዜ ተናጋሪው ቃል እስኪያገኝ ዝም ብሎ መጠበቅን መማር ይኖርበታል።