421 ሺህ ያልኩት ቤት ስንት ነው? የ30 ዓመት ሞርጌጅ ከሁለት ዓመት በኋላ

ቤቱን ያስመረቅን ዕለት ነው። ቄሱ ጠበል ረጭተው፣ ዳቦው ተቆርሶ፣ ሰዉ ወደ ቡናው ሲዞር፣ ጋሼ የምንላቸው አንድ ሰው ጥግ ላይ ያዙኝ። ዲሲ መሃል ፓርኪንግ ጋራዥ ውስጥ ዕድሜያቸውን ሙሉ ሠርተው ቤታቸውን ከፍለው የጨረሱ ሰው ናቸው።

«ስንት ገዛችሁት ልጄ?» አሉኝ።

«421 ሺህ» አልኩ፣ ኮራ ብዬ።

«እሱ የሻጩ ዋጋ ነው። ያንቺ ስንት ነው?»

አልገባኝም። ሳቅ ብዬ ቡና ላምጣልዎ አልኩና ሄድኩ።

አሁን 24 ጊዜ ከፍለናል፣ ጥያቄያቸውም ገብቶኛል። ስለ ድስት፣ ስለ ስልክ፣ ስለ ሕፃን ጋሪ ሳይቀር ግምገማ አንብቤ ነው የምገዛው፤ በሕይወቴ ትልቁን ዕቃ ስገዛ ግን አንድ ገጽ አላነበብኩም። ዕቃው ቤቱ አይደለም። ቤቱ ጀርመንታውን፣ ሜሪላንድ ያለ ባለ ሦስት መኝታ ታውንሀውስ ነው፣ ኩሽናው ይጠባል፣ እወደዋለሁ፣ አለቀ። የምገመግመው የ30 ዓመት ቋሚ ወለድ ሞርጌጁን፣ ቤቱን አስይዘን የተበደርነውን ብድር ነው። የአበዳሪውን ስም አልጠራም፤ በዚያው ወለድ ሌላ ጋ ብበደርም ሒሳቡ ያው ነው።

በ2023 ነው የገዛነው። 5 በመቶውን ከኪሳችን አወጣን፣ 400 ሺህ ተበደርን፣ ወለዱ 6.5 በመቶ። ዋናውና ወለዱ አንድ ላይ በወር 2,528 ዶላር። ሪልተራችን፣ ማለት የቤት ደላላችን፣ ጥሩ ልጅ ነው፣ የኛው ሰው፣ ግን ከአፉ የማይጠፋው አንድ ነገር ነበር፦ «እህቴ፣ ወርሃዊዋን ብቻ እዪ። ወርሃዊዋን ከቻልሽ ቤቱን ቻልሽ ማለት ነው።» እኔም ወርሃዊዋን አየሁ። በ360 ማባዛት ግን አልመጣልኝም። ስታባዙት 910 ሺህ ዶላር ይመጣል። ከዚህ ውስጥ 510 ሺሁ ወለድ ነው። ባጭሩ አንድ ቤት ለራሴ ገዝቼ፣ አንድ ከሩብ ለአበዳሪው ገዛሁለት።

ተደብቆብኝ ነው እንዳልል ወረቀቱ ላይ አለ። ከፊርማው ቢያንስ ሦስት የሥራ ቀን ቀድሞ እጃችሁ መግባት ያለበት ክሎዚንግ ዲስክሎዠር የሚባል ባለ አምስት ገጽ ወረቀት አለ። አምስተኛው ገጽ ላይ እስከ መጨረሻው ስንት እንደምትከፍሉ በአንድ መስመር ተጽፏል፤ የብድሩ ኢንሹራንስና የብድሩ ወጪ ስለሚደመርበት እንዲያውም ከ910 ሺህ ይበልጣል። እዚያው ወለዱ የብድሩን ስንት በመቶ እንደሚሆን ይነግራችኋል። የኛ 128 ገደማ ነው። እኔ የመጀመሪያውን ገጽ አንብቤ፣ ሁለተኛውን ገረፍ ገረፍ አድርጌ፣ ፈረምኩ። የፈረምኩበት እስክሪብቶ ስጦታ ነበር፣ እስካሁን አለ።

አሁን ወደሚያናድደው። በሁለት ዓመት ከ60 ሺህ ዶላር በላይ ከፍለናል። ከብድሩ ምን ያህል የተቀነሰ ይመስላችኋል? 9,240 ዶላር። መተግበሪያው ላይ ሳየው ተሳስተዋል ብዬ ደወልኩ። አልተሳሳቱም። ወለድ የሚታሰበው በየወሩ በቀረው ዕዳ ላይ ነው። የ400 ሺህ 6.5 በመቶ ለ12 ወር ሲካፈል 2,166 ዶላር ይሆናል። ስለዚህ ከመጀመሪያው ክፍያችን 2,166ቱ ወለድ ሆኖ ሄደ፣ ለዋናው ዕዳ የተረፈው 361 ዶላር ብቻ። በሚቀጥለው ወር ዕዳው በ361 ስላነሰ ወለዱ በሁለት ዶላር ይቀንሳል፣ እንዲህ እያለ ይንፏቀቃል። ከክፍያችን ከግማሽ በላዩ ወደ ዋናው ዕዳ መሄድ የሚጀምረው ከ19 ዓመት ከአምስት ወር በኋላ ነው። ያኔ አሁን አንደኛ ክፍል ያለው ልጄ ኮሌጅ ጨርሶ ሥራ ይዟል።

አያቴ ስለ ወለድ አግድ ያወሩ ነበር። ገበሬው ብር ሲቸግረው መሬቱን አስይዞ ይበደራል፣ ብሩን እስኪመልስ አበዳሪው መሬቱን አርሶ ይበላል። የሚበላው እህል ወለዱ ነው፣ ከዋናው ዕዳ ሽራፊ አይቀንስም። ልጅ ሆኜ በጣም ጭካኔ ይመስለኝ ነበር። የኛው ቢያንስ በየወሩ ትንሽ ትንሽ ይቀንሳል፣ ደግሞ የምንኖርበት እኛ ነን። ግን የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ምርት የሚያጭደው ማን እንደሆነ ግልጽ ነው።

ስለ ወለዱ መጠን አንድ የኛ ቤት ታሪክ ልንገራችሁ። ለዳውን ፔይመንቱ፣ ከኪስ ለሚወጣው ቅድሚያ ክፍያ፣ የምንተማመነው እቁብ ላይ ነበር። እቁቡ ደረሰን፣ 15 ሺህ ዶላር በአንድ ቀን ባንክ አስገባን። አበዳሪው «ይሄ ገንዘብ ከየት መጣ?» አለ። እቁብን እንዴት ታስረዳላችሁ? ደረሰኝ የለው፣ ማኅተም የለው፣ ያለው የጸሐፊው ደብተር ነው፣ እሱም በአማርኛ። አንድ ወዳጃችን «የስጦታ ደብዳቤ አጽፉ» አለን፤ ስጦታ ያልሆነውን ስጦታ ነው ብሎ መፈረም ግን የሐሰት ፊርማ ነው፣ ተውነው። ገንዘቡ ሁለት የባንክ ስቴትመንት እስኪያልፈው ጠበቅን። ስንጀምር የተነገረን ወለድ 6.125 ነበር፣ ስንጨርስ 6.5 ሆኖ ቆየን። ያቺ ከግማሽ በመቶ ያነሰች ልዩነት በወር 98 ዶላር ናት። በ30 ዓመት ከ35 ሺህ ትበልጣለች። እቁብ የምትጥሉ ሰዎች፣ ቤት ልትገዙ ካሰባችሁ ብሩን ቀደም ብላችሁ ባንክ አስገቡ፣ ይሄንን በነፃ ውሰዱ።

«ቋሚ» የሚለው ቃል ደግሞ ግማሽ እውነት ነው። ቋሚው 2,528ቱ ብቻ ነው። በላዩ ላይ ኢስክሮ አለ፣ የቤት ግብርና የቤት ኢንሹራንስ የሚጠራቀምበት። ሲጀመር 465 ዶላር ነበር፣ በሁለተኛው ዓመት አንድ ደብዳቤ መጣና 590 ገባ። የጎደለውን ማሟያና የሚመጣውን ዓመት ጭማሪ አንድ ላይ አድርገው ነው የላኩት። ሜሪላንድ ውስጥ ቤት በየሦስት ዓመቱ እንደገና ይገመታል፣ ግምቱ ሲወጣ ግብሩም ይከተላል። ሆምስቴድ ክሬዲት የሚባል ነገር አለ፣ ራሳችሁ ለምትኖሩበት ቤት ግብር የሚታሰብበት ግምት በአንድ ጊዜ እንዳይዘል የሚገድብ። አንዴ ብቻ ነው የሚሞላው፣ ግን ካልሞላችሁ አይሰጣችሁም። እኛ የሞላነው ጎረቤት ነግራን ነው። ሪልተሩም፣ ብድሩን የጨረሰልን ሎን ኦፊሰሩም፣ ማንም አላነሳትም።

ፒኤምአይ የሚሉት ደግሞ አለ። ከቤቱ ዋጋ 20 በመቶውን ከኪሳችሁ ካላወጣችሁ የምትከፍሉት ኢንሹራንስ ነው፣ እናንተን ሳይሆን አበዳሪውን ከኪሳራ የሚጠብቅ። እኔ ከፋይ፣ እሱ ተጠባቂ። የኛ በወር 190 ዶላር ነው። በ1998 የወጣው ሕግ እንደሚለው፣ እንደኛ ባለ ተራ ብድር ላይ፣ ዕዳችሁ ቤቱ ከተገዛበት ዋጋ 80 በመቶ ሲደርስ ይነሳልኝ ብላችሁ በጽሑፍ መጠየቅ ትችላላችሁ፤ ካልጠየቃችሁ 78 በመቶ ሲደርስ ራሱ ይነሳል። ቁጭ ብዬ አሰላሁት። ምንም ሳንጨምር በመደበኛው ክፍያ ከሄድን 80 የምንደርሰው በአሥራ አንደኛው ዓመት መጀመሪያ ላይ ነው፣ 78 ደግሞ ከዚያ አንድ ዓመት ያህል ቆይቶ። ዝም ብሎ መጠበቅ ብቻውን ከ2 ሺህ ዶላር በላይ ያስከፍላል ማለት ነው፣ አንዲት ደብዳቤ ባለመጻፍ። በኤፍኤችኤ፣ መንግሥት ዋስ በሚሆንለት ብድር፣ ለሚገዙ ይብሳል፤ ዳውን ፔይመንቱ ከ10 በመቶ በታች ከሆነ ኢንሹራንሱ እስከ ብድሩ መጨረሻ አይነሳም። 3.5 በመቶ ብቻ አምጡ ሲባል የሚጣፍጠው ለዚህ ነው።

«ወለዱ ከታክስ ይቀነስልሻል» የሚባለውስ? የ2024ቱን አሠራነው። ወለዳችን 25 ሺህ ከምናምን፣ የስቴትና የቤት ግብሩ እስከ 10 ሺህ ድረስ ተደመረ። ግን በዚያ ዓመት ባልና ሚስት ቤት ባይኖራቸውም 29,200 ዶላር በደንቡ ይቀነስላቸው ነበር። እኛ የተጠቀምነው ልዩነቷን ብቻ ነው፣ ከ6 ሺህ ትንሽ በላይ። በኛ የግብር እርከን 12 በመቶ ስትባዛ ከፌዴራሉ 800 ዶላር አትሞላም። ሰዉ ግን 25 ሺሁ ተመልሶ ኪሱ የሚገባ ነው የሚመስለው።

ኧረ ጥሩ ጎንም አለው፣ አላማርርም። ቶሮንቶ ያለችው እህቴ ሞርጌጇ በየአምስት ዓመቱ ይታደሳል። በ2020 ወለድ እጅግ ዝቅ ብሎ ሳለ የያዘችው በ2025 ሲታደስ የከፈለችውን ብነግራችሁ አታምኑም። የኔ 6.5 ለ30 ዓመት 6.5 ነው፤ ገበያው 10 ቢገባ አይነካኝም፣ ዝቅ ካለ ደግሞ በአዲስ ብድር መቀየር እችላለሁ። ይሄ ትልቅ ነገር ነው፣ ለዚህ ብቻ ሁለት ኮከብ። ሪፋይናንስ ማለት ግን እንደገና የክሎዚንግ፣ ማለት የመፈራረሚያውን፣ ወጪ መክፈልና፣ ብዙ ጊዜ፣ እንደገና ከ30 መቁጠር ነው። አንድ ጓደኛችን በስድስተኛው ዓመት ላይ ወርሃዊው ቀነሰልኝ ብሎ ግብዣ አደረገ፣ ስንት ዓመት እንደጨመረ ግን አልጠየቅነውም። ግብዣው ላይ አይጠየቅም።

በ15 ዓመት ብንወስደውስ? በጊዜው 5.75 ሊሰጡን ይችሉ ነበር፣ ወለዱ በጠቅላላ 198 ሺህ አካባቢ ይሆን ነበር፣ ከ510 ጋር አወዳድሩት። ግን ወርሃዊው 3,321 ነው፣ ኢስክሮና ፒኤምአይ ሳይጨመር። ባለቤቴ ኡበር ይነዳል፣ አንድ ወር ጥሩ ነው፣ አንድ ወር ምንም። አንደፍርም ነበር። ስለዚህ ያገኘሁት መፍትሔ 30ውን ይዞ በራስ ፈቃድ ማሳጠር ነው። ከአሁን ጀምሮ በወር 200 ዶላር ወደ ዋናው ዕዳ ከጨመርን አምስት ዓመት ገደማ ቀድመን እንጨርሳለን፣ ወደ 94 ሺህ ዶላር ወለድም ይቀራል። በከፋ ወር አንጨምርም፣ ማንም አይጠይቀንም። ቀድሞ በመክፈል ቅጣት ውላችን ላይ የለም፣ የናንተንም እዩት።

እዚህ ላይ ግን አገልግሎቱ አንድ ኮከብ ያጣል። ብድራችን በስድስተኛው ወር ላይ ለሌላ ድርጅት ተሸጠ፣ አዲሱ ድርጅት ጋ የመጀመሪያዎቹን ሁለት 200 ዶላሮች ስንልክ ወደ ዋናው ዕዳ መሄዳቸው ቀርቶ ለሚቀጥለው ወር ክፍያ በቅድሚያ ተይዘው ቆዩ። ደወልኩ። 40 ደቂቃ ሙዚቃ ሰማሁ። ለካ ስንከፍል «ለዋናው ብቻ» የምትል ትንሽ ሳጥን ተጭና መላክ አለባት፣ እሷም ሦስተኛው ገጽ ታች ነው ያለችው። አስተካከሉት፣ በዘጠኝ ቀን።

እንግዲህ ከአምስት ሦስት ኮከብ። ድጋሚ ብገዛ ይሄንኑ እገዛለሁ፣ ኪራያችን 2,350 ነበርና በየዓመቱ ይጨምር ነበር፣ የኪራይ 30 ዓመት ቢደመርም አያስቅም። ግን ሦስት አበዳሪ ጠይቄ፣ ሎን ኤስቲሜት የሚሉትን የብድር ግምት ወረቀት ከሦስቱም ተቀብዬ፣ ሦስተኛው ገጽ ላይ በአምስት ዓመት ስንት እንደምከፍልና ከዕዳው ስንት እንደሚቀነስ የሚለውን ጎን ለጎን አስቀምጬ ነው የምገዛው። የኛ እዚያ ላይ 25 ሺህ ከምናምን ይላል። በ60 ወር። ሳላየው ፈረምኩ እኮ።

ባለፈው እሁድ ከቅዳሴ በኋላ ጋሼን አገኘኋቸው። «ያኔ ያንቺ ስንት ነው ያሉኝን አሁን አሰላሁት፣ 910 ሺህ ነው» አልኳቸው።

«ጣሪያውን ሳትጨምሪ?» አሉኝ።